የወይዘሮ ቶራ ብሬኬ ሊየን የሕይወት ታሪክ፣ የብስኩቱን ነገር ጨምሮ

ወይዘሮ ቶራ ብሬኬ ሊየን ከአባታቸው ከአቶ ሃልቮር ብሬኬና ከእናታቸው ከወይዘሮ ማሪት ኔስ፣ በደቡብ ዊስኮንሲን፣ በኖርዳል መንደር፣ እ.ኤ.አ. መጋቢት 3 ቀን 1929 ተወለዱ። በዚያው ጠዋት በረት ውስጥ አንዲት ጥጃ ተወልዳ ነበር፤ አባታቸው አስቀድመው ሄደው ያዩት ጥጃዋን ነው። ቶራ ይህን ነገር ዕድሜ ልካቸውን ሲያነሡባቸው ኖረዋል። አባታቸውም እስኪሞቱ ድረስ "ጥጃዋ እኮ እግሯን አስቀድማ ነበር የመጣችው፤ አንቺ በደህና መጥተሽ ምን ጎደለሽ?" እያሉ ሲከራከሩ ኖሩ።

ወላጆቻቸው ሀብት አልነበራቸውም፤ ስም ግን ነበራቸው። ወይዘሮ ማሪት ልጆቻቸውን ያሳደጉት በአንድ ሕግ ነው። ሰው ቤት ሄደሽ ብዪ ሲሉሽ መጀመሪያ እምቢ ትያለሽ። ሁለተኛም እምቢ ትያለሽ። ሦስተኛ ሲለምኑሽ ከሳህኑ ላይ ትንሿን ታነሻለሽ። በኖርዳል ይህን የማያውቅ ሰው አልነበረም። ባለቤቱ ሦስት ጊዜ ሳይለምን ሳህኑን አያነሣም፤ እንግዳውም ከሦስተኛው በፊት እጁን አይዘረጋም። በመጀመሪያው የሚቀበል ሆዳም ነው፤ ሦስተኛውን የማይጠይቅ ንፉግ ነው፤ ሁለቱም ሲሞቱ ሬሳቸውን የሚሸከም ሰው በልመና ነው የሚገኘው።

ታናሽ እህታቸው ጉሪ አንድ ጊዜ በቄሱ ቤት ገና "ኬክ ትበያለሽ?" ስትባል ስላነሣች፣ ወይዘሮ ማሪት ከጠረጴዛው ሥር የቆነጠጧት ቁንጥጫ ብዙ ቀን ሰማያዊ ሆኖ ከርሟል። ቶራ ግን አንድም ቀን አልሳቱም። በእንቅልፍ ልባቸው እንኳ ውኃ ቢሰጧቸው "አይ፣ አላስቸግርም" የሚሉ ልጅ ነበሩ። ይህ ነገር ኋላ ላይ ምን እንዳመጣ እንደርስበታለን።

ትምህርታቸውን የጀመሩት በመንደሩ ባለ አንድ ክፍል ትምህርት ቤት ነው። አባታቸው ከሠረገላ ወድቀው ወገባቸውን በተጎዱ ጊዜ ከሁለቱ እህትማማቾች አንዷ ቤት ቀርታ ላሞቹን ማለብ ነበረባት። ቶራ ጭንቅላት ነበራቸው፣ ጉሪ ክንድ ነበራት፤ ስለዚህ ቶራ ተማሩ፣ ጉሪ አለበች። በዚህ የተቀየመ የለም። ላም የሚያልብ ሰው ሌላው እየተማረ መሆኑን ሲያውቅ እጁ አይደክምም።

በአሥራ ሁለት ዓመታቸው በቤተ ክርስቲያናችን የገና ትርኢት ላይ መልአክ ሆነው ሠሩ። የመጀመሪያ ሥራቸው ይህ ነው። ከሰብአ ሰገል አንዱ የሊየን ቤት ልጅ ፓልመር ነበሩ፤ ከጥጥ የተሠራ ረጅም ጢም ለጥፈው፣ ሻማ ይዘው መጡ። ጢሙም ከሻማው ጋር ተገናኘ። ሕዝቡ "ኡኡ!" ሲል ቶራ ክንፋቸውን እንደለበሱ ወርደው፣ ጢሙን ከፓልመር አገጭ ላይ መንጭቀው፣ በጫማቸው ረግጠው አጠፉት፤ እየረገጡም ድምፃቸው ሳይናወጥ "አትፍሩ፤ እነሆ ታላቅ ደስታ አበሥራችኋለሁ" አሉ። ቄሱ ከዚያ ወዲህ ይህን ቃል ባነበቡ ቁጥር ምዕመናኑ ወደ ፓልመር አገጭ ዞረው ያዩ ነበር።

በ1947 ሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን ጨርሰው በዓመቱ ወደ ቺካጎ ሄዱ። ወይዘሮ ማሪት በጣቢያው ቆመው የሰጧቸው ምክር አጭር ነበር፦ "ከማታውቂው ሰው ጋር አትሂጂ፤ የሰው ሳህን ላይ አትዝለዪ።" በአንድ ረጅም ሕንፃ ምድር ቤት ባለ ምግብ ቤት በአስተናጋጅነት ተቀጠሩ። በዚያው ሕንፃ ላይኛው ፎቅ አዲስ የቴሌቪዥን ጣቢያ ተከፍቶ ነበርና ሳንድዊችና ቡና ይዘው ይወጡ ነበር።

በዚያ ዘመን የቴሌቪዥን መብራት እንደ ዳቦ ምድጃ ያቃጥላል። ተዋንያኑ ፊታቸው ላይ የተቀባው ቀለም እየቀለጠ አንገታቸው ውስጥ ይገባል። አንድ ቀን ቶራ ትሪያቸውን ይዘው ሲገቡ አንዲት ተዋናይት ከሙቀቱ ብዛት ራሷን ስታ ወደቀች። የድራማው አዘጋጅ ሩበን ፊንክ የሚባሉ አጭር፣ ፈጣን፣ ሲጋራቸውን አፋቸው ውስጥ የሚረሱ ሰው ነበሩ፤ ዞር ሲሉ ትሪ ይዛ መብራት ሥር የቆመች፣ አንዲት የላብ ጠብታ ያልወጣት ልጅ አዩ።

"አንቺ ልጅ፣ አይሞቅሽም?"

"ይሄ ሙቀት ነው እንዴ? ሐምሌ ላይ ድርቆሽ ጭነው ያውቃሉ?"

"ድርቆሽ ምን እንደሆነም አላውቅ። ትሪውን አስቀምጪና እዚያ ቁሚ።"

እነሆ ወይዘሮ ቶራ የቴሌቪዥን ተዋናይት የሆኑት በዚህ መንገድ ነው። ሌሎቹ በውበት ገቡ፣ በዘመድ ገቡ፤ እሳቸው ባለማላብ ገቡ። ውበትም ነበራቸው፤ ነገር ግን በዚያን ጊዜ በቴሌቪዥኑ መስኮት ላይ ውበት ብዙ አይታይም ነበር፤ ምስሉ ላይ እንደ በረዶ ነጭ ነጠብጣብ ሲዘንብ ነው የሚውለው።

ጣቢያው ስማቸውን ለውጦ ቴሪ ብሩክ አላቸው። አባታቸው ይህን ሲሰሙ "ብሬኬ የሚባል ሰው ሰርቆ ታስሮ ያውቃል? ታዲያ ስሙ ምን በደላቸው?" ብለው አንድ ቀን ሙሉ ምግብ አልበሉም። ጉሪ ደግሞ አንድ ጊዜ ለጥየቃ ቺካጎ ወርዳ ከሥራ ቦታቸው ስታገኛቸው ደነገጠች። ለቴሌቪዥን ሲባል ፊታቸው ቢጫ፣ ከንፈራቸው እንደ ጫማ ቀለም ቡናማ ተደርጎ ነበር። "ጉበትሽን አሞሽ ነው?" አለቻቸው። ቶራ ሳቃቸውን መቆጣጠር አቅቷቸው ቢጫው ስለተሰነጠቀ ባለሙያዋ እንደገና ልትቀባቸው ግድ ሆነ።

የሠሩበት ድራማ "የሊንደን ጎዳና ጎረቤቶች" ይባል ነበር፤ በየሐሙሱ ማታ ይተላለፋል። ቶራ ጆዋን የምትባለውን የቤቱን ልጅ ሆነው ይሠሩ ነበር። በዚያን ጊዜ ቀድሞ ቀርፆ ማስተካከል የሚባል ነገር የለም፤ ሰው እያየህ ነው የምትሠራው፤ ከተሳሳትክ አገር ያያል። አንድ ሐሙስ ቶራ ተቆጥተው ከቤት የሚወጡበት ቦታ ላይ የበሩ እጀታ ተነቅሎ እጃቸው ላይ ቀረ። ሌላ ሰው ቢሆን ይደርቅ ነበር። እሳቸው እጀታውን ለአባትየው ተዋናይ አስጨበጡና "አባዬ፣ ይህን ሳትጠግን እራት የለም" ብለው ቀሚሳቸውን ሰብስበው በመስኮት ወጡ። ከዚያ በኋላ ስማቸው ገነነ። ከየከተማው "ያቺን በመስኮት የምትወጣውን ልጅ አብዙልን" የሚል ደብዳቤ ይጎርፍ ጀመር።

በኖርዳል ቴሌቪዥን የነበረው አንድ ብቻ ነው፤ እሱም በወተት ማኅበሩ አዳራሽ። ያመጡት እኚያ ጢማቸው የተቃጠለው ፓልመር ሊየን ናቸው፤ በጦርነቱ ጊዜ መርከብ ላይ የሬዲዮ ሠራተኛ ስለነበሩ ነገሩን ያውቁታል። የቺካጎ ሞገድ እኛ ጋ ሲደርስ ደክሞት ነው የሚደርሰው፤ ስለዚህ አንቴናውን የተከሉት ከአዳራሹ አጠገብ ባለው ረጅም የመኖ ማማ ጫፍ ላይ ነበር። ነፋስ በነፈሰ ቁጥር ይዞራል። እናም በየሐሙሱ መንደሩ በሙሉ ላሞቹን ቀደም ብሎ አልቦ አዳራሽ ሲሰበሰብ፣ ፓልመር ማማው ላይ ወጥተው አንቴናውን በእጃቸው ይዘው ይቆማሉ። ከታች "ወደ ግራ!" "ኧረ በዛ፣ መልሰው!" "አፍንጫዋ መጣ፣ እንዳትነቃነቅ!" እየተባለ ይጮህላቸዋል። በዚህ ምክንያት አገር ሁሉ ቶራን ሲያይ ፓልመር አንድም ቀን አላዩዋቸውም።

አሁን ወደ ብስኩቱ እንምጣ። ነገሩን አጣመው የሚያወሩ ሰዎች ስላሉ፣ አንዳንዶቹም ዛሬ እዚሁ ስለተቀመጡ፣ እንደሆነው ይነገር።

የድራማውን ወጪ የሚሸፍነው የሃርግሬቭ ብስኩት ፋብሪካ ነበር። በየሐሙሱ መጨረሻ ላይ የቤቱ ሰዎች ጠረጴዛ ዙሪያ ይቀመጣሉ፤ አስተዋዋቂው ብስኩት በሳህን ያቀርባል፤ እናትየዋ ተዋናይት አንሥታ ትገምጥና "እንደ ሃርግሬቭ የሚጣፍጥ የለም" ትላለች፤ ሙዚቃ ይገባል፤ አለቀ። በኅዳር ወር 1951 ድራማው ወደ ኒው ዮርክ ተዛውሮ በአገሩ ሁሉ ሊታይ ተወሰነ። ከተዋንያኑ ውስጥ ይዘው የሚሄዱት ቶራን ነበር፤ የሦስት ዓመት ውል ተዘጋጅቶ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል። የፋብሪካው ባለቤት ሚስተር ሃርግሬቭ ያን ዕለት ራሳቸው ጣቢያው ድረስ የመጡት ከዝግጅቱ በኋላ ሊፈርሙ ነው። ቶራ ለእናታቸው ስልክ ደውለው "እማዬ፣ ዛሬ በደንብ እዪኝ" ብለዋል። ለቤታቸውም፣ ለራሳቸውም፣ የሚመኙት ሁሉ በዚያች ማታ ላይ ተንጠልጥሎ ነበር።

እናትየዋ ተዋናይት ድምፅዋ ተዘግቶ ስለነበር ብስኩቱን የማንሣት ሥራ ለቶራ ተሰጠ። ቀላል ነው፤ አስተዋዋቂው ያቀርባል፣ እሳቸው ያነሣሉ። ከአስተዋዋቂው ቢሆን ኖሮ ያነሡም ነበር፤ እሱ ባልደረባቸው ነው፣ ሥራ ነው። ነገር ግን ሚስተር ሃርግሬቭ በመጨረሻዋ ደቂቃ "ዛሬስ እኔው ላቅርብ" ብለው ሳህኑን ከአስተዋዋቂው እጅ ተቀበሉ። ራሳቸው እንደ ጥጥ የነጣ፣ ቶራ ከዚያን ቀን በፊት በቅርብ አይተዋቸው የማያውቁ ትልቅ ሰው፣ ጎንበስ ብለው፣ በገዛ እጃቸው ሳህን ዘረጉላቸው።

"ልጄ፣ አንድ ብስኩት ውሰጂ እስቲ።"

አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይባላል። ቶራ ሳያስቡት ፈገግ ብለው፦

"አይ፣ አመሰግናለሁ፣ አላስቸግርዎትም" አሉ።

አዛውንቱ ደነገጡ። የሰው ሁሉ ዓይን እሳቸው ላይ ነው። ሳቅ ለማለት እየሞከሩ፦

"አንድ ብቻ? የሃርግሬቭ እኮ ነው።"

"ኧረ አሁን በልቼ ነው የመጣሁት፤ እግዜር ይስጥልኝ" አሉ ቶራ፣ እንደ ሥርዓቱ። እጃቸውን ጭናቸው ላይ አጣጥፈው፣ አንገታቸውን ሰበር አድርገው፣ ሦስተኛውን ጠበቁ።

በወተት ማኅበሩ አዳራሽ የነበረውን ያየ ሰው አይረሳውም። ሕዝቡ በኩራት ተነፋ። "እዪያት! ቺካጎም ሆና አልተበላሸችም!" "የጨዋ ልጅ እኮ ናት!" ተባለ። ወይዘሮ ማሪት መሐረባቸውን አውጥተው ዓይናቸውን ጠረጉ። ከዚያም ሁሉም ወደ ቴሌቪዥኑ ሰገግ ብሎ ሦስተኛውን መጠበቅ ጀመረ። ሦስተኛው ግን አልመጣም። ሽማግሌው ሳህኑን እንደያዙ ቆሙ፤ ወዲያ ዞሩ፤ ወዲህ ዞሩ።

"ጠይቃት እንጂ!" አሉ አቶ ሃልቮር፣ ያ የተጎዳ ወገባቸውን ረስተው ብድግ ብለው።

"አንድ ቀርቶሃል አንተ ሰውዬ! አንድ!" ብላ ጉሪ ጮኸች።

"ምን ተፈጠረ? ምስሉ ጠፋ?" ብለው ፓልመር ከማማው ላይ ተጣሩ።

"ምስሉስ አለ፤ ሰውየው ነው የጠፋው!"

ሚስተር ሃርግሬቭ ሳህኑን ጠረጴዛው ላይ አኖሩት። ሙዚቃው ገባ። በዚያች ማታ ያ ሁሉ ሕዝብ መጨረሻ ላይ ያየው ያልተነካ ሙሉ ሳህን ብስኩትና፣ ከአጠገቡ ደስ ብሏት የተቀመጠች ልጅ ነበር። ይህች ልጅ መርዝ ነው ቢሏት እንዲያ በጨዋነት እምቢ አትልም ነበር።

ወይዘሮ ማሪት መሐረባቸውን አጣጥፈው ኪሳቸው ከተቱና ፍርዳቸውን ሰጡ። "ልጄ አላሳፈረችኝም። እሱ ነው አሳዳጊ የበደለው።"

በቺካጎ ግን ፊንክ ፀጉራቸውን ይነጩ ነበር። "ቴሪ! ብስኩት እኮ ነው! በዚያ ሁሉ ሕዝብ ፊት የሰውየውን ብስኩት እምቢ አልሽው እኮ! ምን ሆነሽ ነው?"

"ሦስተኛ አልጠየቁኝማ" አሉ ቶራ።

ፊንክ ሲጋራቸውን አፋቸው ውስጥ ረስተው ሌላ ሲጋራ ፍለጋ ኪሳቸውን ዳበሱ። ከዚያ "እንግዲህ ሄደሽ ለራሱ አስረጂው፤ እኔ አልገባኝም" አሉ።

ቶራም በማግሥቱ ጥሩ ኮታቸውን ለብሰው፣ ነጭ ጓንታቸውን ይዘው ወደ ሚስተር ሃርግሬቭ ቢሮ ሄዱ። ነገሩን ከመጀመሪያው አስረዱ፤ ስለ እናታቸው፣ ስለ ኖርዳል፣ ስለ ሦስቱ ግብዣ፣ ስለ እህታቸውም ቁንጥጫ ጭምር ነገሯቸው። ሽማግሌው ክፉ ሰው አልነበሩም፤ ይህም ይነገርላቸው። መጀመሪያ ኮስተር ብለው ሰሙ፤ በኋላ ቁንጥጫው ላይ ሲደርሱ እንባቸው እስኪወጣ ሳቁ። ውሉን ከመሳቢያ አውጥተው ብዕራቸውን ከፈቱ።

"በይ እንግዲህ፣ ልጄ፤ ያለፈው አለፈ። ኒው ዮርክ ትሄጂልኛለሽ?"

ቶራም "አይ፣ አመሰግናለሁ፣ ካሁን ወዲያስ አላስቸግርዎትም" አሉ።

ሚስተር ሃርግሬቭ ብዕሩን ከደኑት። ቶራ ተነሡ። በሩ ጋ ሲደርሱ ቆም ብለው ጓንታቸውን ማጥለቅ ጀመሩ፤ ቀስ ብለው፣ ጣት በጣት፣ መጀመሪያ ግራውን፣ ከዚያ ቀኙን። ከኋላቸው ምንም ድምፅ አልመጣም። በሩን ከፍተው ወጡ። በሩ ይህን ጊዜ በደንብ ተከፈተ።

ከአንድ ሺህ ዘጠኝ መቶ አርባ ዘጠኝ እስከ ሃምሳ አንድ የቆየው የወይዘሮ ቶራ የቴሌቪዥን ሥራ በዚህ ተፈጸመ።

ኖርዳል ሲመለሱ እንደ ተሸናፊ የተቀበላቸው የለም። የሴቶች ማኅበር በቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት ግብዣ አደረገ፤ በክሬም የበሰለ የዓሣ ቁርጥ፣ ሌፍሴ የሚባለው የድንች ቂጣ፣ ሰባት ዓይነት ብስኩት ቀረበ፤ የሃርግሬቭ ግን በዚያ ዓመት በመንደሩ ሱቅ ሻጋታ ይዞ ቀረ። ከዚያ ጀምሮ ለብዙ ዘመን መንደሩን ለሁለት የከፈለ ክርክር ተነሣ። የብስኩቱስ ግልጽ ነው። ግን የቢሮው እምቢታ የቱ ነበር? የይሉኝታ እምቢታ ነው ወይስ የልብ? ሴቶቹ "ጓንቱን ቀስ ብላ አጥልቃለች፤ ልጅቱ ደግመው እንዲጠይቋት ትፈልግ ነበር" አሉ። ወንዶቹ "ከተማው ሰልችቷት ነው፤ የምር ነው እምቢ ያለችው" አሉ። ጉሪ በጥርጣሬ ስትሰቃይ፣ ቶራ ሲጠየቁ ስቀው ወደ በረት ይሄዱ ነበር።

ፓልመር ሊየን ግን ክርክር ውስጥ አልገቡም። እሳቸው ሥርዓቱን ያውቁታል። በወተት ማኅበሩ በር ላይ አግኝተው "ቶራ፣ ብታገቢኝስ?" አሏቸው። "አይ ኧረ፣ አላስቸግርህም" አሉ ቶራ። ፓልመር ባርኔጣቸውን ነክተው ሄዱ። ከቤተ ክርስቲያን ሲወጡ ደረጃው ላይ ደገሙ። "ኧረ ተው፣ አንተ ሥራ ይበዛብሃል" አሉ ቶራ። ፓልመር እንደገና ባርኔጣቸውን ነክተው ሄዱ። ወይዘሮ ማሪት ከኋላ ሆነው ይህን ሲሰሙ "አቤት አስተዳደግ! ይሄን ልጅ ማን ወለደው?" አሉ።

ሦስተኛውን የጠየቁት ከማማው ጫፍ ላይ ነው። በሐሙስ ማታ፣ ነፋስ እያወዛወዛቸው፣ በአንድ እጃቸው አንቴናውን ይዘው፣ ታች ሕዝቡ ቆሞ እየሰማ፣

"ቶራ! አገር ሁሉ በቴሌቪዥን አየሽ፤ እኔ ነኝ ያላየሁሽ! አሁን የኔ ተራ ነው! ታገቢኛለሽ ወይ?"

"አገባሃለሁ! ውረድ፣ ትወድቃለህ!"

"ኧረ ቆይ፣ አትውረድ፣ ምስሉ አሁን ገና ጠራ!" ያለውም ሰው ዛሬ እዚህ አለ፤ ስሙን አንጠራም፤ ራሱን ያውቃል።

በሰኔ ወር 1953 በዚሁ ቤተ ክርስቲያን ተጋቡ። በሊየን እርሻ ላይ ሃምሳ ሦስት ዓመት አብረው ኖሩ። ማርዲስና ዴል የሚባሉ ሁለት ልጆች ወለዱ። አቶ ፓልመር እንግዳ በመጣ ቁጥር "ባለቤቴ የቴሌቪዥን ሰው ነበረች፤ እኔ ግን ምስክር መሆን አልችልም" እያሉ ያስቁ ነበር።

ወይዘሮ ቶራ ትወናን አልተዉም። የቤተ ክርስቲያናችንን የገና ትርኢት እስኪያረጁ ድረስ ያሠለጠኑት እሳቸው ናቸው። በእጃቸው ያላለፈ የኖርዳል ልጅ የለም። ሻማ የሚይዝ ሰው ጢም እንዳይለጥፍ የሚል ጥብቅ ደንብ አወጡ። ቃሉ ለጠፋበት ልጅ ከመጋረጃ ጀርባ ሆነው አያንሾካሹኩም፤ "በሩ ካልተከፈተ በመስኮት ውጣ" ነበር የሚሉት። ብዙዎቻችን ይህን ምክር ከትርኢት ውጭም ተጠቅመንበታል። ባንኩ እርሻውን ሊወስድ የመጣ ጊዜ፣ ባል የሞተ ጊዜ፣ ልጅ የጠፋ ጊዜ፣ በሩ እምቢ ሲል መስኮት ፈልገናል።

በሰማንያዎቹ ዓመታት አንድ የዩኒቨርሲቲ ሰው የጥንቱን ቴሌቪዥን ታሪክ እሰበስባለሁ ብሎ መጣ። ከሥራቸው የተረፈ ፊልም ካለ ጠየቀ። አንድም አልተረፈም፤ ጥቂት የተቀረፀውንም ጣቢያው ቦታ አጣበበ ብሎ ጥሎታል። ሰውየው እሳቸውን አይቶ አዘነ። ቶራ "አይዞህ ልጄ፣ ባሌም አላየውም፤ ደህና ኖረናል" ብለው ኬክ አቀረቡለት። እሱም በመጀመሪያው ተቀብሎ ሁለት ቁራሽ በላ። ጉሪ በጎሪጥ አይታው ነበር፤ ቶራ ግን ወደዱት፤ በየዓመቱም እየመጣ ይጠይቃቸው ነበር።

አቶ ፓልመር በ2006 ካረፉ በኋላ ጉሪ ጓዟን ጠቅልላ ከእህቷ ጋር ገባች። ሁለቱ ባልቴቶች በአንድ ማዕድ ሲቀመጡ የመጨረሻዋን ቁራሽ የሚያነሣ ጠፍቶ እስኪደርቅ ድረስ ይለማመኑ ነበር። በአንዱ ክረምት ጉሪ ስልሳ ዓመት በሆዷ የያዘችውን ጠየቀች።

"ቶራ፣ የዚያን ቀን፣ በቢሮው። እምቢታሽ የቱ ነበር? የይሉኝታ ነው የልብ?"

ወይዘሮ ቶራ ሹራባቸውን መሥራት አላቆሙም። "እኔ ምን አውቄ፣ ጉሪ? ሰውየው ደግሞ ቢጠይቀኝ ኖሮ እኔም አውቀው ነበር።"

"ይቆጭሻል?"

"ብስኩቱ ይቆጨኛል። ጥሩ ይሸት ነበር።" ትንሽ ቆይተውም፣ "ፓልመር ጠየቀኝ እኮ" አሉ፤ "ሦስቴ" አሉ፤ ወደ ሹራባቸውም ተመለሱ።

ባለፈው የበልግ ወራት ልባቸው ደከመና ሆስፒታል ገቡ። ከሌላ አገር የመጣች አንዲት ጥሩ ነርስ፣ "አያቴ፣ ሾርባ ይጠጣሉ?" ስትላቸው "አይ፣ አላስቸግርሽም" ስላሏት፣ "ምግብ አይቀበሉም" ተብሎ ተነገረንና ልጆቻቸው ማልቀስ ጀመሩ። ጉሪ በምርኩዟ እየተደገፈች ነርሶቹን ሰብስባ "የሚሞት ሰው አይደለም፣ የጨዋ ልጅ ነው! ሦስት ጊዜ ጠይቋት!" አለቻቸው። ነርሷም ሄዳ ጠየቀች፤ ጠየቀች፤ ሦስተኛም ጠየቀች። ወይዘሮ ቶራ ሾርባውን ጥርግ አድርገው ጠጡ። ከዚያ ወዲያ በዚያ ፎቅ ላይ የኖርዳል ሰው ሲገባ ሁሉም ሦስት ጊዜ ይጠየቃል አሉ።

ነገር ግን ልብ የራሷ ሰዓት አላት። ወይዘሮ ቶራ ብሬኬ ሊየን እ.ኤ.አ. ኅዳር 13 ቀን 2014፣ ሐሙስ ማታ፣ በተወለዱ በሰማንያ አምስት ዓመታቸው፣ ልጆቻቸውና እህታቸው እጃቸውን ይዘው ሳለ በሰላም ዐረፉ። ሐሙስን የመረጡት የሥራ ቀናቸው ስለነበር ይሆናል።

ልጆቻቸው ማርዲስና ዴል፣ አምስት የልጅ ልጆቻቸው፣ ሁለት የልጅ ልጅ ልጆቻቸው እና ታናሽ እህታቸው ጉሪ ብሬኬ ከእኛ ጋር ቀርተዋል።

ከቀብር በኋላ በምድር ቤቱ ምግብ ተዘጋጅቷል። ሁላችሁም እንደ ሥርዓቱ ትጠየቃላችሁ። አሳላፊዎቹ ሦስተኛውን እንዳይረሱ አደራ ተብለዋል፤ የረሳ ከዛሬ ጀምሮ ከጉሪ ጋር ነው ጉዳዩ።

አንተም ጌታ ሆይ፣ እህታችን ደጅህ ቆማለች። ግቢ ስትላት "አይ፣ አላስቸግርም" ትልሃለች። አትመናት። ደግመህ ጥራት፤ "አሁን ደርሼ ነው፣ እዚሁ ይበቃኛል" ትልሃለች። እሱንም አትመናት። በሩ አጠገብ ቆማ ጓንቷን ጣት በጣት ቀስ ብላ ስታጠልቅ ታያታለህ፤ ያን ጊዜ እየጠበቀችህ ነውና፣ ሦስተኛውን አትርሳብን። አሜን።